አንድ ሐዲስ ይዤ ወደ ፎገራ

ወረታን ለማየት ብሎ የሚሄድ ሰው ብዙ አይደለም። እኔም ለማየት አልሄድኩም። ስህተት ላርም ነው የሄድኩት፤ ስህተቱም የራሴ ነበር። ከተመለስኩ ሁለት ሳምንት ሆኖኛል፤ ሳይረሳኝ ልጻፈው።

አስቀድሜ ሥራዬን ልናገር። ደሴ ውስጥ ትንንሽ የሃይማኖት መጻሕፍት በምታዘጋጅ አንዲት ጠባብ ክፍል ውስጥ እሠራለሁ። ጸሐፊው «ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) እንዲህ ብለዋል» ብሎ ያመጣውን ሐዲስ ሁሉ ይዤ ወደ ትልልቆቹ ኪታቦች እመለሳለሁ። በእርግጥ እዚያ አለ ወይ? በየትኛው ምዕራፍ፣ በስንተኛው ቁጥር? ማን ከማን ሰማው? የአስተላላፊዎቹ ሰንሰለት ሳይበጠስ ከተገኘ በእርሳስ ምልክት አደርግበታለሁ፤ ከዚያ ወደ ማተሚያ ቤት ይሄዳል።

በመስከረም መጀመሪያ አንዲት ወጣት ሴት ከወረታ ደወለችልኝ። ስሟን ሐያት አለችኝ። ከዓመታት በፊት ስለ ቀብር ሥርዓት ያሳተምናትን ትንሽ መጽሐፍ በእጇ ይዛ ነበር።

«ሟች ቤተሰቡ ስላለቀሰበት ይቀጣል ይላል። ልክ ነው?» አለችኝ።

«ልክ ነው፤ ምንጩ የታወቀ ነው» አልኳት። ቁጥሩን በቃሌ ስለማውቀው ኮራ ብዬ ነበር።

«እንግዲያው እናቴ ልክ ናት ማለት ነው። ሦስት ዓመት ሆናት ካላለቀሰች።»

ነገሩ እንዲህ ነው። ወንድሟ ሰዒድ ከብት ነጂ ነበር። በክረምት የጉማራ ወንዝ ሞልቶ ሜዳውን ሲያለብሰው ከከብቶቹ ጋር ሲሻገር ውሃ ወሰደው። በሦስተኛው ቀን ለቅሶ ላይ አንድ ሰው መጽሐፋችንን አውጥቶ ያችን ቃል ለእናቲቱ አነበበላቸው። እናቲቱም እንባቸውን ዋጡ። የልጁ ስም በቤት እንዳይነሣ ከለከሉ። ከቁሐር ሚካኤል መንደር በጭቃ ተጉዘው ሊያለቅሱ የመጡትን ገበሬዎች ደግሞ ከበር መለሷቸው፤ ልጄን አታስቀጡብኝ ብለው። ከዚያ ወዲህ የቁሐር ሰዎች ቤታቸውን ረግጠው አያውቁም።

ስልኩን ዘግቼ ወደ መምህሬ ወደ ሼህ ይማም ሄድኩ። እድሜያቸው ሰማንያን ተሻግሯል፤ ጆሯቸው ግን የፊደል ስህተት አያሳልፍም። ሁሉንም ነገርኳቸው።

«ምልክቱን ያደረግሽው አንቺ ነሽ?» አሉኝ።

«እኔ ነኝ። ግን ሐዲሱ እኮ ሰሒሕ፣ የተረጋገጠ ነው።»

«ማን ሐሰት ነው አለሽ? መኖሩን አይተሻል፤ ምን ማለት እንደሆነ ግን አልጠየቅሽም። ኪታቡ ገጹን ብትገልጪው የሚቀጥለውን ይነግርሽ ነበር።» ቀጥለው ደግሞ «በስልክ ነግረሽ እንዳትገላገዪ» አሉ። «ድሮ አንዲት ሐዲስ ለማጣራት የወር መንገድ ይኬድ ነበር። ለአንቺ ሁለት ቀን ምንሽ ነው?»

መስከረም ሊያልቅ ሲል ተነሣሁ።

የመጀመሪያው ቀን

ኪታቦቹ ሁለት ናቸው፤ ሁለቱም እንደ ድንጋይ ይከብዳሉ። የደሴ መናኸሪያ ረዳት ቦርሳዬን ጣራ ላይ ሊሰቅል ሲያነሣው «ምን ጭነሽበት ነው?» አለኝ። መጽሐፍ ነው፣ ጣራ ላይ አይወጣም አልኩት። «እንግዲያው የመጽሐፉን ወንበር ትከፍያለሽ» ብሎ ተሳፋሪውን አሳቀብኝ። እስከ ወልድያ ጭኔ ላይ ታቅፌው ሄድኩ። ስወርድ እግሬ ደንዝዞ አስፋልቱ ላይ ልወድቅ ስል ያሳቀብኝ እሱ ራሱ ደግፎ ያዘኝ።

ከወልድያ የጋሸናን መንገድ ያዝን። እኛ ደሴዎች ብርድ እናውቃለን ብለን እንመካለን፤ የጋሸናውን ነፋስ ካገኘሁ በኋላ ግን የጦሳ ተራራችን ብርድ ጨዋ ነው ብያለሁ። ጋሸናን አልፈን ጎማ ፈነዳ። ትርፍ ጎማው ራሱ ነፋስ አልነበረውም። ሁለት ሰዓት ቆምን። አጠገቤ የተቀመጡት ሽማግሌ ሴት ከነጠላቸው ጫፍ የገብስ ቆሎ ፈትተው ዘረጉልኝና የት እንደምሄድ ጠየቁኝ። ወረታ፣ ለለቅሶ አልኳቸው። «ዘመድሽ ነው የሞተው?» አሉኝ። አይደለም፣ አላውቀውምም አልኩ። ነገሩ አልገባቸውም፤ ሆኖም ቆሎውን ጨምረው ሰጡኝና «ነፍስ ይማር» አሉ።

ደብረ ታቦር የደረስነው ለዓይን ያዝ ሲያደርግ ነው። መናኸሪያው አጠገብ ያለች አልጋ ቤት ገባሁ። ባለቤቲቱ ሻሼን አይታ ምንም ሳልጠይቃት ሙቅ ውሃ በጀሪካን አምጥታ በሬ ላይ አኖረች። «ሳትታጠቡ አትሰግዱ መቼም፤ የእኛ ውሃ ደግሞ ያንዘፈዝፋል» አለችኝ። ደሴ ከክርስቲያን ጎረቤት ጋር ስላደግሁ እንዲህ ያለው ደግነት ብርቅ አይደለም፤ ከቤት ርቆ ሲገኝ ግን ሆድ ያባባል። ለራት ሽሮ በላሁ። የሚቀጥለውን ቀን ንግግሬን በልቤ እያዘጋጀሁ ተኛሁ። ንግግሩ ቆንጆ ነበር፤ ከዚያ ውስጥ አንዱንም አልተናገርኩትም።

ሁለተኛው ቀን

ከደብረ ታቦር ወደ ወረታ መንገዱ ቁልቁል ነው። መኪናው ሲወርድ ልብስ እየተወለቀ ይኬዳል፤ መጀመሪያ ጋቢ፣ ከዚያ ሹራብ። ከዚያ ድንገት ተራራው አለቀና ሜዳው ተዘረጋ። እኛ አገር ዓይን በሄደበት ሁሉ ከተራራ ጋር ይጋጫል። እዚህ የሚይዘው የለም። የሩዙ ማሳ አረንጓዴ ነው፣ በመካከሉ የቀረው የክረምት ውሃ ያብለጨልጫል፣ ከብቱ ቁርጭምጭሚቱ ድረስ ውሃ ውስጥ ቆሞ ይግጣል። እንዲህ ያለ ሜዳ ላይ ያለ ሰው ጎርፍ ሲመጣበት ወዴት ይወጣል? ብዬ አሰብኩ።

ሐያት መናኸሪያ ጠበቀችኝ። በስልክ ቆጣ ያለች መስላኝ ነበር፤ ዓይን አፋር ሆና አገኘኋት። እናቷ ወይዘሮ ዘይነባ ገበያው ዳር ቅመም ይሸጣሉ፤ ቤታቸው ገና ከበሩ ጥቁር አዝሙድና ኮረሪማ ይሸታል። ቀጭን፣ ረጅም፣ ቀጥ ብለው የሚቆሙ ሴት ናቸው። ስሜ ከድጃ መሆኑን ስነግራቸው «የእናቴ ስም ነው» ብለው ጉንጬን ሳሙኝ። ሩዝና ጤፍ የተደባለቀበት እንጀራ በምስር ወጥ አቀረቡልኝ። ነጭና ለስላሳ ነው፤ የእኛ ሰው ቢያየው እንጀራው ታመመ እንዴ ይል ነበር። ሦስቴ ጨመሩልኝ።

ከተበላ በኋላ ቦርሳዬን ከፈትኩ። ወይዘሮ ዘይነባ እጃቸውን ቦርሳው ላይ ጫኑ።

«ሐያት ለምን እንደመጣሽ ነግራኛለች። ቆይ፣ አትክፈችው።»

«እትዬ፣ ስህተቱ የእኔ ነው። የመጣሁት እሱን ልነግርዎ ነው።»

«ስሚኝ ልጄ። ለእኔ ብቻ ከነገርሽኝ ምን ይጠቅመኛል? እኔ ያን ቀን ሰው ከበሬ መልሻለሁ። አያ ደሴ ልጄን ከውሃ ያወጣ ሰው ነው። ሚስቱ እያለቀሰች ስትመጣ ሂጂልኝ አልኳት። ተሳስቼ ከሆነ እነሱ ፊት ልሳሳት። ነገ ቁሐር እንሂድና እዚያ ክፈችው።»

«ባልተሳሳቱስ?» አለች ሐያት ቀስ ብላ።

«እሱንም እነሱ ፊት ልስማው።»

ያን ማታ ስለ ሌላ ነገር ሁሉ አወራን። ስለ ደሴ ከተማ፣ ስለ ዝንጅብል ዋጋ፣ ስለ ሐያት ትምህርት። ከግድግዳው አንድ ቦታ ላይ ባዶ ሚስማር ነበር፤ ከሥሩ ፎቶ የኖረበት ቦታ ከሌላው ቀለም ይልቅ ነጥቶ ይታያል። ማንም ስለሱ አልተናገረም።

ሦስተኛው ቀን

በባጃጅ የባሕር ዳርን መንገድ ጥቂት ከሄድን በኋላ ወርደን በእግር ገባን። የፎገራን ጭቃ ያልረገጠ ሰው ጭቃ አውቃለሁ አይበል። የእኛ ጭቃ ያንሸራትታል፤ ይህኛው ይይዛል። አምስት ደቂቃ ሳልሄድ ግራ ጫማዬ መሬት ውስጥ ቀረ። ሐያት ክርኗ ድረስ እጇን ሰዳ ስትፈልግ ወይዘሮ ዘይነባ የኪታቦቹን ቦርሳ ከትከሻዬ ወስደው ራሳቸው ላይ አደረጉት። «ጫማሽ ቢቀር ሌላ ይገዛል» አሉ። ጫማው ወጣ፤ እኔም ሁለቱንም በእጄ አንጠልጥዬ ሄድኩ።

ቀድሞ ያየን የአያ ደሴ ውሻ ነው። ቀጥሎ ሚስታቸው ወይዘሮ ብርቄ ከደጅ ብቅ አሉና ወይዘሮ ዘይነባን ሲያዩ ባሉበት ቆሙ። ሁለቱ ሴቶች ውሃ ባቆረ ግቢ መካከል ተፋጠው ቆዩ። መጀመሪያ የተናገሩት ወይዘሮ ብርቄ ናቸው። «እግርሽ ርሷል፤ ግቢ» አሉ።

አያ ደሴ ስድሳ ዓመት የሚሆናቸው፣ አጭር፣ ወፍራም ድምፅ ያላቸው ገበሬ ናቸው። ከየት እንደመጣሁ ሲሰሙ «እኔ ደሴ ተብዬ ደሴን አንድ ቀን አላየሁትም፤ እሱ መጣልኝ በይኛ» አሉ። ቤት ውስጥ ሌላ እንግዳም ነበሩ፤ በሚካኤል ቤተ ክርስቲያን የቆሎ ተማሪ የሚያስተምሩት መሪጌታ ፈንቴ። እኛ ስንገባ ሊወጡ ሲሉ አያ ደሴ እንዳይሄዱ ያዟቸው።

ገና ሳንቀመጥ ምሳ ሆነ። ወይዘሮ ብርቄ ከጣና የመጣ ቆሮሶ የሚባል ዓሣ በእሳት ጠብሰው አቀረቡ። «ዶሮ ላሳርድላችሁ ብል አትበሉልኝም፤ ዓሣን ግን ማንም አያርደው» አሉ። ደሴ ውስጥ ድግስ ሲኖር ሁለት ዳስ ይጣላል፣ ሁለት ሰንጋ ይታረዳል፤ እዚህ በአንድ ሳሕን በላን። የዓሣው ነገር በእኛ ዘንድም ከሐዲስ የመጣ ፍርድ ነው፤ ባሕር የሰጠው ሳይታረድ ይበላል። ይህን ስናገር አያ ደሴ ሳቁ። «መጽሐፋችሁ ዓሣ ያውቃል ለካ» አሉ።

ከዚያ ወይዘሮ ዘይነባ ቦርሳውን ወደ እኔ ገፉት።

ኪታቡን አወጣሁ፣ ገጹን ገለጥኩ። ያች ቃል በእርግጥ እዚያ እንዳለች ሳልደብቅ አነበብኩና ተረጎምኩ። የወይዘሮ ዘይነባ ፊት እንደ ድንጋይ ሆነ።

አያ ደሴ አቋረጡኝ። «ቆይ ልጄ። ይኼ ከተነገረ ስንት ዘመኑ ነው? መነገሩን በምን ታውቂዋለሽ?»

እያንዳንዱ ሐዲስ ማን ከማን እንደሰማው ስም በስም ተቆጥሮ እስከ ነቢዩ እንደሚደርስ፣ እያንዳንዱ ሰው እውነተኛ መሆኑና የሰማውን በደንብ መያዙ እንደሚመረመር ነገርኳቸው።

«እንደ ላም ዘር ነዋ» አሉ። «ይች ጊደር ከማናት ላም፣ ያችስ ከማን በረት እያልን እንቆጥራለን። አንዱ ጋ ስንደርስ 'ከገበያ ነው' ካሉን እዚያ ላይ አለቀ።»

«እሱ ነው» አልኩ። በሰባት ዓመት ሥራዬ እንዲህ አሳጥሮ የነገረኝ ሰው የለም።

መሪጌታ ፈንቴ እስከዚያ መቋሚያቸውን ተደግፈው ያዳምጡ ነበር። «ዘሩስ ይሁን» አሉ። «እኛም ዘንድ ከመምህር መምህር ይቆጠራል። ንባቡ ልክ ሆኖ ትርጓሜው የሳተ እንደሆነስ?»

«እኔ የመጣሁት እሱ ሆኖብኝ ነው፣ አባቴ» አልኳቸው።

ከዚያ በመጽሐፋችን ውስጥ ያልነበረውን ነገርኳቸው። ያ ቃል ሲወራ የነቢዩ ባለቤት ሰምተው፣ ተናጋሪው ዋሽቷል ሳይሉ፣ ነገሩን በሙሉ አልያዘውም ብለው እንዳረሙት። ማንም ነፍስ የሌላውን ሸክም እንደማትሸከም ከቁርኣን እንዳስታወሱ። ሊቃውንቱም ሁለቱን አስታርቀው፣ ቅጣቱ በሕይወት ሳለ ሙሾ አውጡልኝ ብሎ ለተናዘዘ ነው ብለው አብዛኞቹ እንደተረጎሙት። ነቢዩ ራሳቸው ትንሽ ልጃቸው እጃቸው ላይ ሲያጣጥር ዓይናቸው እንባ አቅርሮ እንደነበርና፣ ሰው ቢጠይቃቸው እንባው ርኅራኄ እንደሆነ እንደመለሱ። በውሃ የሞተ ሰው ደግሞ ከሰማዕታት እንደሚቆጠር።

«ደረት መድቃት፣ ፊት መንጨት፣ ልብስ መቅደድ ተከልክሏል፤ እሱን አልደብቅዎትም» አልኳቸው ወይዘሮ ዘይነባን። «እንባ ግን አልተከለከለም። ሰዒድ በእርስዎ እንባ አይቀጣም። እኔ ግማሹን አይቼ ምልክት አደረግሁበት። ይቅር ይበሉኝ።»

ስሙን ስጠራ ሐያት ደነገጠች። ወይዘሮ ዘይነባ ግን አልተቆጡም። ገጹን ትኩር ብለው አዩት። ማንበብ አይችሉም፤ ሆኖም ጣታቸውን ከመስመሩ ላይ አደረጉ።

«የቱ ጋ ነው? ነቢዩ ያለቀሱበት።»

አሳየኋቸው። ጣታቸው እዚያ ቆየ። ከዚያ ወደ ወይዘሮ ብርቄ ዞሩ። «ብርቄ፣ ያን ቀን አንቺን መለስኩሽ» አሉ።

«መለስሽን» አሉ ወይዘሮ ብርቄ። «እኛ እኮ ለእሱ ብቻ አልነበረም የመጣነው። ባለቤቴ የሚነግርሽ ነበረው።»

ሁላችንም ወደ አያ ደሴ አየን። ወፍራሙ ድምፃቸው ቀጥኖ መጣ።

«ደንገሉ መካከል ነው ያገኘሁት። የአንዲት ጥጃ ገመድ በእጁ ላይ ሁለት ዙር ተጠምጥሞ ነበር። ጥጃዋ በሕይወት ነበረች። ቢለቃት ኖሮ እሱ ይወጣ ነበር መሰለኝ፤ ወይም አይወጣም፣ እግዜር ይወቅ። እጁን ስፈታው ሞቅ ያለ መስሎኝ ብዙ ጊዜ ጠራሁት። አልመለሰልኝም። በጋቢዬ ሸፈንኩት። በእናንተ ወግ ሬሳ ወዴት እንደሚዞር አላውቅም፣ የምጠይቀውም ሰው አልነበረም። ምን ላድርግ ብዬ ፊቱን ወደ አንቺ ቤት አዞርኩት። ሰው እስኪመጣ ብቻውን አልተውኩትም፤ እጁን ይዤው ነበር። ይኼን ልነግርሽ ነበር የመጣሁት።»

ወይዘሮ ዘይነባ «እጁን ይዘኸው ነበር?» አሉ።

«ይዤው ነበር።»

ያኔ እንባቸው መጣ። ድምፅ አልነበረውም። ደረታቸውንም አልመቱም። ብቻ ፈሰሰ፤ በነጠላቸው እየጠረጉት ይፈሳል። ወይዘሮ ብርቄ ከጎናቸው ተቀምጠው ትከሻቸውን አቀፏቸውና እንደ ልማዳቸው ሙሾ ሊጀምሩ አፋቸውን ከፈቱና ወደ እኔ አይተው ዝም አሉ። አብረው አለቀሱ። ሐያት ጭንቅላቷን እናቷ ጭን ላይ አደረገች። መሪጌታ ተነሥተው ፊታቸውን ወደ በሩ አዞሩ። እኔም ኪታቡ እንዳይርስብኝ ዘግቼ ወደ ጎን አኖርኩት።

ያች ጥጃ አሁን ላም ሆና ወልዳለች። ልንሄድ ስንል አያ ደሴ ከነጥጃዋ አሳዩን፤ የከብቶቹ ባለቤት ከሌሎቹ ጋር ልሽጣት ሲል ለምነው እንዳስቀሯት ነገሩን። ወይዘሮ ዘይነባ ግንባሯን በእጃቸው ሲያሹ ረጅም ጊዜ ቆሙ። መመለሻው ላይ ጫማዬን አላደረግሁም፤ ጭቃውን ለምጄው ነበር።

አራተኛው ቀን

ጠዋት ስነቃ ሚስማሩ ላይ ፎቶ ተሰቅሏል። ጆሮው ወጣ ያለ፣ ለመሳቅ የሚታገል ልጅ ነው። የሰው ፎቶ መስቀልን የማይፈቅዱ ሊቃውንት እንዳሉ አውቃለሁ፤ ያን ጠዋት የሚጠይቀኝ ስላልነበረ አልተናገርኩም።

መናኸሪያ ድረስ የሸኙኝ ወይዘሮ ዘይነባ ናቸው። አንድ ከረጢት ሩዝና በጨርቅ የተቋጠረ ኮረሪማ አስያዙኝ፤ እንቢ ብል ለሼሁ ነው አሉኝ። መኪናው ሰው እስኪሞላ ከአንድ ሰዓት በላይ ቆመ። ሌላ ጊዜ ቢሆን ሰዓቴን እያየሁ እበሳጭ ነበር።

«ሰዒድ ዱባ አይወድም ነበር» ብለው ጀመሩ። ከዚያ አልቆሙም። አምስት ዓመት እስኪሆነው «ረ» ማለት እንደማይችል፤ ከብት ሲነዳ እንደሚዘፍን፣ ድምፁ ግን መጥፎ ስለነበር ጎረቤት ሁሉ ይስቅበት እንደነበር፤ አንድ ጊዜ ለሐያት ጫማ ሊገዛ ሄዶ ሁለቱንም የቀኝ እግር ይዞ እንደመጣ። ይስቃሉ፣ መሐል ላይ እንባቸውን ይጠርጋሉ፣ ደግሞ ይቀጥላሉ። የቅመም ደንበኛቸው በዚያ ሲያልፍ ቢጠራቸው እንኳ አልሰሙም።

መኪናው ተነሣ። መስኮቱን ይዘው አብረው መራመድ ጀመሩ፤ ገና ስለ አንድ የዒድ ቀን ሲያወሩኝ ነበር፤ አዲስ ሸሚዙን ለብሶ ወደ ገበያ ወጥቶ ምን እንዳደረገ። ረዳቱ «እናቴ፣ ልቀቁት» አላቸው። ለቀቁ፤ ግን መራመዱን አልተዉም፤ በእጃቸው የሸሚዙን ቁመት እያሳዩኝ ይናገራሉ። የሞተሩ ድምፅ ቃላቸውን ሸፈነው። ሰዒድ በዚያ የዒድ ቀን ምን እንዳደረገ እስካሁን አላውቅም።